የአምና ጉም፦ ለምናባዊ ልብ ወለድ አስማታዊ የአየር ጠባይ እንዴት ይፈጠራል?

ለምናባዊ ዓለም አስማታዊ የአየር ጠባይ የሚፈጥር ጸሐፊ ብዙውን ጊዜ የሚነሣው ለዓይን ከሚያስደንቀው ነገር ነው፤ ሐምራዊ መብረቅ ያበርቃል፣ ወርቅ ያዘንባል፣ ዝናቡን ወደ ላይ ያፈስሳል። በእኔ እምነት መነሻው ከሰማዩ በታች ያሉት ሰዎች ኑሮ መሆን አለበት። አንባቢ እንግዳውን ዝናብ የሚያምነው የተሰጣ እህሏን ለማንሣት የምትሮጥ ሴት ሲያይ ነው።

ለማሳያ አንድ ክስተት እንፍጠር። በአንድ ደጋማ አገር፣ ክረምቱ ሊወጣ ሲል፣ በዓመት አንድ ሌሊት ከገደሉ ሥር ጉም ይነሣል እንበል፤ በጉሙ ውስጥ የቆመ ሰው በዚያው ስፍራ አምና የተነገረውን ቃል ይሰማል።

የመጀመሪያው ሥራ ክስተቱን በእውነተኛ ተፈጥሮ ላይ ማስደገፍ ነው። ነፋስ በሌለበት ሌሊት ቀዝቃዛ አየር መሬት ላይ ተኝቶ ሞቃቱ ከበላዩ ሲሆን፣ ወደ ላይ የሚሄደው ድምፅ ጎብጦ ወደ ምድር ስለሚመለስ የሩቅ ሰው ንግግር እንደ ቅርብ ይሰማል። የእኛ ጉም ከዚህ የሚለየው ድምፁን ከሩቅ ቦታ በማምጣት ፈንታ ካለፈ ጊዜ በማምጣቱ ብቻ ነው። ሁለተኛ ተአምር ባይጨመርበት እመክራለሁ፤ የመጀመሪያውን ያደክመዋልና።

የተፈጥሮን እንግዳነት ለመረዳት በቬኔዙዌላ የካታቱምቦ ወንዝ ወደ ማራካይቦ ሐይቅ በሚገባበት አካባቢ የሚታየውን መብረቅ ማጥናት እጅግ ይጠቅማል። ከሐይቁ የሚነሣው ሞቃትና እርጥብ አየር በዙሪያው ካሉት ተራሮች በሌሊት ከሚወርደው ቀዝቃዛ አየር ጋር ስለሚገናኝ፣ ሰማዩ በዓመት ውስጥ እጅግ ብዙ ሌሊቶች ሲያበርቅ ያድራል። በ2010 እ.ኤ.አ. መጀመሪያ ላይ ግን በድርቅ ሳቢያ ለሳምንታት ጠፋ። እኔን ከመብረቁ ብዛት ይልቅ የሚያስደንቀኝ ይህ መጥፋት ነው። የእኛስ ጉም አንድ ዓመት ሳይመጣ ቢቀር፣ እርሱን ተማምነው ቀጠሮ የያዙት ሰዎች ምን ይሆናሉ?

ስያሜውንም አብረውት የሚኖሩት ያውጡለት። እኛ ቀስተ ደመናን የማርያም መቀነት እንለዋለን፤ በፀሐይ መሐል ሲያካፋ «ጅብ ወለደች» እንላለን፤ ጳጉሜን 3፣ በሩፋኤል ዕለት፣ የሚወርደውን ዝናብም እንደ ጠበል ቆጥረው ልጆች ይታጠቡበታል። የዚያ አገር ሰዎችም «ምትሃታዊው ጉም» እያሉ አይጠሩትም፤ «ዛሬ አምና ወረደ» ይላሉ። ፈሊጣቸውም ይለወጣል። ለእኛ ጉም መዝገን ከንቱ ድካም ነው፤ ለእነርሱ ግን ምስክር መሰብሰብ ይሆናል።

ቀጥሎ ደንቡ ይወሰን፤ ጥቂት ይሁን፣ ግን አይሻር። ቤት ውስጥ የተነገረ ቃል አይመለስም። ፀሐይ ስትወጣ ድምፁ ያበቃል። ማንም ሰው የራሱን ድምፅ አይሰማም፤ ስለዚህ የተናገረውን ለማረጋገጥ ሌላውን ሰው ማመን ግድ ይሆንበታል። የመጨረሻውን ደንብ የጨመርኩት ጉሙ እውነትን ያለ ድካም የሚያድል መሣሪያ እንዳይሆን ነው፤ ያለ እርሱ ታሪኩ ከአንድ ክርክር አያልፍም ነበር።

ጸሐፊው ረጅሙን ጊዜ ሊሰጥ የሚገባው ከደንቡ ለሚወለደው ኑሮ ነው። በዚህ አገር ሰዎች ዓመቱን ሙሉ ደጅ ላይ ቃላቸውን ይመጥናሉ፤ ምስጢር ያለው ሰው እንግዳውን በር ዘግቶ ያነጋግራል፤ አበዳሪ ግን ተበዳሪውን ሆን ብሎ ሜዳ ላይ አቁሞ ያስምለዋል። ሽማግሌዎች የከረመ ጠብ ሲቀርብላቸው «አምና እስኪወርድ» ብለው ቀጠሮ ይሰጣሉ፤ ሁለቱም ባላንጣዎች በዚያ ሌሊት ጋቢያቸውን ተከናንበው ጎን ለጎን ይቆማሉ። ከእነርሱ ራቅ ብላ ደግሞ በዓመቱ ውስጥ ልጇ የሞተባት እናት ልጁ ይጫወትበት በነበረው መስክ ላይ ሳቁን እየሰማች፣ እያለቀሰች ታድራለች። በሚመጣው ዓመት በዚያ መስክ ላይ የሚመለሰው የእርሷ ልቅሶ ብቻ ነው፤ እርሱንም ጎረቤቶቿ እንጂ እርሷ አትሰማውም።