ክብ ጊዜ ያለው ዓለም ስትፈጥሩ ከእነዚህ ስህተቶች ተጠንቀቁ

ድሬዳዋ፣ ከዚራ፣ ቅዳሜ ከሰዓት ዛፍ ጥላ ሥር ተቀምጠን የጻፍነውን የምንነባበብ ጥቂት ሰዎች ነን። አብዛኞቻችን የምንጽፈው ስለ ምናባዊ ዓለም ነው፤ ጊዜ ቀጥ ብሎ ስለማይሄድበት፣ ዞሮ ስለሚመለስበት ዓለም። እኔም እንዲህ ያለ ዓለም ስሠራና ሳፈርስ ስድስት ዓመት ሆኖኛል። ከዚህ በታች ያሉትን ስህተቶች አብዛኞቹን ሠርቻቸዋለሁ።

ትልቁ ስህተት ዙሩ ያለ ትርፍ ልክ እንዲገጥም ማድረግ ነው። የእኔ ዓለም ሁለት ጨረቃ አላት። አንዷ በ12 ቀን፣ ሌላዋ በ18 ቀን ትዞር ነበር። በየ36 ቀኑ ይገናኛሉ፤ ዓመቱ ደግሞ 360 ቀን፣ ልክ አሥር ግንኙነት። ወረቀት ላይ ያምራል። ታሪክ ግን አልወጣውም። ሁሉ ነገር አስቀድሞ ስለሚታወቅ ማንም ምንም አይጠብቅም።

የምንኖርበትን አቆጣጠር ተመልከቱት። 12 ወር በ30 ቀን ቆጥረን ስንጨርስ 5 ቀን ትተርፋለች፤ ጳጉሜ። በዘመነ ሉቃስ ማብቂያ ደግሞ 6 ትሆናለች። ባሕረ ሐሳብ፣ የቤተ ክርስቲያን የዘመን ስሌት፣ የ19 ዓመቱን ዙር ከ28 ዓመቱ ዙር ጋር አባዝቶ 532 ዓመት ላይ ነው ትልቁን ዙር የሚዘጋው። የሙስሊሙ ዓመት 354 ወይም 355 ቀን ነው። ስለዚህ ረመዳን በየዓመቱ ወደ 11 ቀን ያህል ቀደም ይላል፤ በ33 ዓመት ገደማ ወቅቶቹን ሁሉ አዳርሶ ይመለሳል። እዚህ ከተማ እነዚህ አቆጣጠሮች አንድ ግቢ ውስጥ አብረው ይኖራሉ።

በ2010 ዓ.ም. ረመዳን ግንቦት ላይ ገባ። የድሬን ግንቦት የሚያውቅ ያውቀዋል። አንድ ማታ ጎረቤታችን እማማ ደጃፋቸው ላይ ተቀምጠው አፍጥርን ይጠብቃሉ። ሦስት ቴምር በትንሽ ሳህን፣ አጠገቡ በቆርኪ የተከደነ የውሃ ጠርሙስ። «ሙሽራ ሆኜ የጾምኩት በዚሁ ሙቀት ነበር፣ ልጄ» አሉኝ። «ያኔ ጉልበት ነበረኝ።» አዛን ሲሰማ አንዷን ቴምር አነሱ።

ቤት ገብቼ ሁለተኛዋን ጨረቃ 17 ቀን አደረግኳት። 12 እና 17 በተነሱበት ቦታ ላይ ዳግም የሚገናኙት በ204 ቀን ነው። ይህ ከ360 ጋር አይገጥምም። አሁን ጥንዶቹ ጨረቃዎች አንዴ በዘር፣ አንዴ በአጨዳ ላይ ይገናኛሉ። ሰዎቹ ምልክቱ ምን እንደሆነ ይከራከራሉ፣ ይጣላሉ፣ በዚያ የተነሳ ሠርግ ይፈርሳል። ልብ ወለዴ የተጀመረው ያን ማታ ነው ብል አላጋነንኩም።

ሁለተኛው ስህተት ዙርን ከድግግሞሽ ጋር ማምታታት ነው። «ሁሉም እንደገና ይሆናል» ተብሎ ያው ንጉሥ፣ ያው ጦርነት፣ ያው ሞት ይመጣል። የከተማችንን ወንዝ ደቻቱን እዩት። አብዛኛውን ዓመት ደረቅ አሸዋ ነው፤ ሰው ይሻገርበታል፣ ልጆች ኳስ ይጫወቱበታል። ከላይ ተራራው ላይ ሲዘንብ ግን ጎርፉ ይመጣል። ሁሌም ይመጣል። በ1998ቱ ክረምት ግን ሌሊት፣ ሰው በተኛበት መጣ፤ ከ200 በላይ ሰው ወሰደ። ያን ሌሊት ያየ ሰው ደመና ባየ ቁጥር ጆሮውን ይጥላል። የሚመለሰው ወንዙ ነው፤ የሚጠብቀው ሰው ግን ተለውጧል። በክብ ጊዜ ላይ ስትጽፉ ይሄን ሰው አትርሱት።

የሰዓቱን ነገር ባጭሩ ልበል። አዲስ ዓለም ፈጥረን ቀኑን በእኩለ ሌሊት እናስጀምረዋለን፤ ከፊልም ስለለመድነው ብቻ። እኛ እኮ ፀሐይ ስትወጣ አሥራ ሁለት ሰዓት ብለን፣ ከዚያ አንድ ብለን መቁጠር የምንጀምር ሰዎች ነን። በዓለማችሁ ቀን መቼ እንደሚጀምር አስቡበትና ወስኑ።

ሌላው ንድፈ ሐሳቡን በአንድ ሽማግሌ አፍ ማስተማር ነው። ነጭ ጺም ያለው አዋቂ ይነሳና አምስት ገጽ ስለ ዘመናት ዙር ያብራራል። አንባቢ እዚያ ጋ ይተዋችኋል፤ እውነቱን ነው። ሐረር ላይ በአሹራ፣ የሙስሊሙ ዓመት በባተ በ10ኛው ቀን፣ ገንፎ ቅቤ ተደርጎበት ከጀጎል ግንብ ውጭ ለጅቦች ይቀርባል። ጅቡ ጥሩ አድርጎ ከበላ ዓመቱ መልካም ነው ይባላል። ከተወው ያሰጋል። ስለ ጊዜ ማንም ንግግር አያደርግም። ሰዎች ጨለማው ውስጥ ቆመው አንድ ገንፎ ያያሉ፤ ሙሉው ንድፈ ሐሳብ እዚያ ሳህን ላይ አለ። ለዓለማችሁ እንዲህ ያለ አንድ ሳህን ፈልጉለት።

የመጨረሻው ዙሩ የሚሰበርበትን ቀን ብቻ እያሰቡ መጻፍ ነው። አንዲት ልጅ ሰባት ዘመን ያለው ዓለም አመጣችልን። እያንዳንዱ ዘመን በእሳት ያልቃል፤ ጀግናዋ ሰባተኛውን እሳት ታጠፋለች፣ አለቀ። እሳቱን በጣም ጥሩ አድርጋ ጽፋዋለች። እኔ ግን ከስድስተኛው እሳት በኋላ በነጋታው ጠዋት አመዱን ማን እንደጠረገ ጠየቅኳት። መልስ አልነበራትም፤ ደብተሯን ዘግታ ሄደች። ከፋኝ፣ ተናግሬ አስቀየምኳት ብዬ።

በሚቀጥለው ቅዳሜ አራት አዲስ ገጽ ይዛ መጣች። መጥረጊያ የያዘች አሮጊት አመዱ ውስጥ ያልተቃጠለ የበር ቁልፍ ታገኛለች፤ በሩ ግን የለም።