የትከሻ መገጣጠሚያ ሕመምና አርትራይተስ፦ መለያውና ሕክምናው

ትከሻውን የሚያመው ሰው በአገራችን አዘውትሮ የሚሰጠው ምክንያት «ብርድ መታኝ» የሚል ሲሆን፣ ቀጥሎ የሚያደርገውም በቅባት መታሸት ወይም የማስታገሻ መርፌ መወጋት ነው። ይሁንና ትከሻን የሚያሳምሙ በሽታዎች ብዙ ናቸው፤ ለአንዱ የሚበጀውም ሌላውን ሊያባብስ ይችላል። ስለዚህ ከማንኛውም መድኃኒት በፊት ሊጤን የሚገባው ክንድ ምን ያህል እንደሚንቀሳቀስና የት ላይ እንደሚታገድ ነው።

ክንድዎን ወደ ላይ ያንሱ፤ ከዚያም ክርንዎን አጥፈው ከጎንዎ ጋር እንዳጣበቁ ክንድዎን ወደ ውጭ ያዙሩ። ቀጥሎ ሌላ ሰው ያንኑ እንቅስቃሴ በዝግታ ያድርግልዎ። በራስዎ ኃይል ያቃተዎ እንቅስቃሴ በሌላ ሰው እጅ የሚሳካ ከሆነ፣ ችግሩ አብዛኛውን ጊዜ ትከሻን አቅፈው የሚያንቀሳቅሱት የ4ቱ ጡንቻዎች ጅማት መቁሰል ወይም መበጠስ ነው። ሌላ ሰው ሲያንቀሳቅሰውም ክንዱ የማይሄድ ከሆነ ግን የታመመው መገጣጠሚያው ራሱ ሳይሆን አይቀርም፤ ይህም የመገጣጠሚያው ሽፋን ወፍሮ የሚኮማተርበት የትከሻ መድረቅ ወይም አርትራይተስ (የመገጣጠሚያ መቆጣት ወይም መጎዳት) ሊሆን ይችላል። ሁለቱን ለመለየት ራጅ ይረዳል፤ በትከሻ መድረቅ ራጁ ብዙውን ጊዜ ጤናማ ሲሆን፣ ልም አጥንት (የአጥንቶችን ጫፍ የሚሸፍነው ለስላሳ አካል) ባለቀበት አርትራይተስ ግን በአጥንቶቹ መካከል ያለው ክፍተት ጠብቦ ይታያል።

የትከሻ መድረቅ በብዛት የሚታየው ከ40 እስከ 60 ዓመት ባለው ዕድሜ ሲሆን፣ በሴቶች ላይ ይበረታል። ክንድ በስብራት ወይም በቀዶ ሕክምና ምክንያት ለሳምንታት ሳይንቀሳቀስ ሲቆይ ይከሰታል፤ ያለ ግልጽ ምክንያትም ይጀምራል። የስኳር በሽታ ያለባቸው ሰዎች ከሌሎች ይልቅ በእጅጉ የተጋለጡ በመሆናቸው፣ ትከሻው የደረቀበት ሰው ሁሉ የደም ስኳሩን ቢመረመር መልካም ነው፤ የታይሮይድ ዕጢ ሕመምም ከዚሁ ጋር ይያያዛል። በመጀመሪያዎቹ ወራት ሕመሙ በተለይ ሌሊት ይጠናል፤ ቀጥሎ ሕመሙ ቀለል ሲል ክንዱ ይታገዳል፤ ጸጉር መጎንጎን፣ አክምባሎ ማንሳት፣ እጅን ወደ ጀርባ መላክ ያቅታል። ከዚያ በኋላ ቀስ በቀስ ይፍታታል፤ ሂደቱ በጠቅላላው ከ1 እስከ 3 ዓመት ሊወስድ ይችላል።

አርትራይተስም አንድ ዓይነት አይደለም። በዕድሜ፣ በቀድሞ ስብራት ወይም በተደጋጋሚ ውልቃት ምክንያት ልም አጥንት ሲያልቅ ትከሻው በእንቅስቃሴ ጊዜ ይንቋቋል፣ ያማል። ሁለቱም ትከሻዎች ከእጅ ጣቶች ጋር አብረው የሚያብጡና ጠዋት ጠዋት ከግማሽ ሰዓት በላይ ተሳስረው የሚቆዩ ከሆነ፣ የሰውነት መከላከያ የራሱን መገጣጠሚያ የሚያጠቃበት ሩማቶይድ አርትራይተስ መሆኑ ይጠረጠራል፤ ይህ እንደ ሜቶትሬክሴት ያሉ በሐኪም ክትትል የሚወሰዱ መድኃኒቶችን ይሻል እንጂ በማስታገሻ ብቻ ጉዳቱ አይቆምም። ለወራት የቆየ ሕመም ከክብደት መቀነስና ከሌሊት ላብ ጋር ሲመጣ የመገጣጠሚያ ቲቢም ሊታሰብ ይገባል። ትከሻው በድንገት ግሎ፣ አብጦ ትኩሳት ካለ፣ ወይም የትከሻ ሕመም ከደረት መጨነቅና ከላብ ጋር ከመጣ (ይህ የልብ ሕመም ምልክት ሊሆን ይችላል) በዚያው ሰዓት ወደ ሆስፒታል መሄድ ግዴታ ነው።

ለአዋቂ ሰው ፓራሲታሞል በ24 ሰዓት ውስጥ ከ4 ግራም ማለፍ የለበትም። አይቡፕሮፌንንና ዳይክሎፌናክን የጨጓራ ቁስለት፣ የኩላሊት ወይም የልብ ሕመም፣ የደም ግፊት ያለበት ሰውና ነፍሰ ጡር ሐኪም ሳያማክሩ ሊወስዷቸው አይገባም። ከሁሉ ይልቅ የሚያሳስበኝ ዴክሳሜታዞንና ፕሬድኒሶሎን የተባሉት፣ የሰውነት መቆጣትን የሚያበርዱ የስቴሮይድ መድኃኒቶች ያለ ማዘዣ እየተገዙ ለወራት መወሰዳቸው ነው፤ ሕመሙን ፈጥነው ስለሚያስታግሱ ፈውስ ይመስላሉ፤ ነገር ግን ስኳርንና የደም ግፊትን ያንራሉ፣ አጥንትን ያሳሳሉ፣ ተኝቶ የነበረ ቲቢንም ሊቀሰቅሱ ይችላሉ። ለረጅም ጊዜ የወሰዳቸው ሰው ደግሞ በድንገት ማቆም የለበትም።

ለደረቀ ትከሻ ዋናው ሕክምና በትዕግሥት የሚደረግ እንቅስቃሴ ነው። በሞቀ ፎጣ ትከሻውን ለ10 ደቂቃ ያህል ካሞቁ በኋላ፣ ጤነኛ እጅዎን ጠረጴዛ ላይ አስደግፈው ጎንበስ ይበሉ፤ የታመመውን ክንድ ያንጠልጥሉትና በትንንሽ ክብ ያወዛውዙት። ከዚያም ወደ ግድግዳ ዞረው በጣቶችዎ ወደ ላይ ይራመዱ፤ ሕመሙ ሲጀምር ጥቂት ቆይተው ይመለሱ። በመጨረሻ በጀርባዎ ተኝተው የመጥረጊያ እንጨት በሁለት እጅዎ ይያዙ፤ ክርንዎ ከጎንዎ ሳይርቅ በጤነኛው እጅ የታመመውን ወደ ውጭ ይግፉት። እያንዳንዱን 10 ጊዜ፣ በቀን 2 ወይም 3 ጊዜ መሥራት ተገቢ ነው። ሕመሙ እስከ ማግስቱ ከዘለቀ መጠኑን ይቀንሱ። ወጌሻ ዘንድ ሄዶ የደረቀን ትከሻ በኃይል ማስጎተት ግን ጅማት ሊበጥስ፣ አጥንት የሳሳበትን ሰውም ሊሰብር ይችላል።

በእነዚህ ያልተሻለው ሰው ፊዚዮቴራፒስትና የአጥንት ሐኪም ዘንድ ይሂድ። በመገጣጠሚያው ውስጥ የሚሰጠው የስቴሮይድ መርፌ በትከሻ መድረቅ የመጀመሪያ ወራት ይበልጥ ይጠቅማል፤ የስኳር ሕመምተኛ ግን ከመርፌው በኋላ ባሉት ቀናት ስኳሩን በየዕለቱ ይለካ። ልም አጥንቱ ጨርሶ ላለቀበትና እንቅልፍ ላጣ ሰው ሰው ሠራሽ መገጣጠሚያ የመተካት ቀዶ ሕክምና አለ። ወድቆ ወዲያው ክንዱን ማንሳት ያቃተው ሰው ደግሞ በቀናት ውስጥ መታየት አለበት፤ የተበጠሰ ጅማት ሲቆይ እየተሰበሰበ፣ ጡንቻውም እየሟሸሸ ስለሚሄድ፣ ከወራት በኋላ መልሶ መስፋት አስቸጋሪ ይሆናል።