«ለፈተናው ብቁ አይደላችሁም» ከተባላችሁ መስፈርቱን በሕግ እንዴት ትሞግታላችሁ?

ለመውጫ ፈተና ወይም ለፌዴራል መሥሪያ ቤት የቅጥር ፈተና ልትመዘገቡ ሄዳችሁ «መስፈርቱን አታሟሉም» ከተባላችሁ፣ መጀመሪያ የፈተናውን ቀን ቁጠሩ። ፍርድ ቤት ቀጠሮ ይሰጣል፤ ፈተናው ግን ማንንም አይጠብቅም።

ችግሩ ከመስፈርቱ ነው ወይስ ከአፈጻጸሙ? ኮሌጁ መረጃችሁን ሳይልክ ቀርቶ ወይም ስማችሁ በስህተት ተጽፎ ከሆነ ሬጅስትራር ጋር ሄዳችሁ አስተካክሉ። ዕድሜን፣ የምረቃ ዓመትን ወይም ነጥብን የሚገድበው ደንብ ራሱ ከሆነ ግን ወደሚቀጥለው እለፉ።

እምቢታውን በጽሑፍ ጠይቁ። በመስኮት «አይቻልም» ተብሎ የተመለሰ ሰው ለዳኛ የሚያሳየው ነገር የለውም። ማመልከቻችሁን በሁለት ቅጂ አዘጋጁና በእጃችሁ በሚቀረው ላይ ቀኑንና ማኅተሙን አስደርጉ። መልስ ቢከለክሏችሁ እንኳ መጠየቃችሁን ያ ወረቀት ያስረዳል።

አሁን መስፈርቱ የተመሠረተበትን መመሪያ ቁጥር ጠይቁ። ብዙ ሰው ይህን ይዘለዋል፤ እኔ ግን ከሁሉም በላይ የምመክረው ይህንን ነው። የፌዴራል አስተዳደር ሥነ ሥርዓት አዋጅ ቁጥር 1183/2012 ተቋማት መመሪያ ሲያወጡ ረቂቁን ለሕዝብ አስተያየት እንዲያቀርቡ፣ ሲጸድቅም እንዲያስመዘግቡና በድረ ገጽ እንዲያወጡ ያስገድዳል። እናንተን ያገደው «መስፈርት» በሰሌዳ የተለጠፈ ማስታወቂያ ብቻ ከሆነ ጠንካራ መከራከሪያ አገኛችሁ። መመሪያ ካለ ደግሞ ሦስት ነገር ፈትሹ፤ ተቋሙ ይህን እንዲወስን አዋጅ ሥልጣን ሰጥቶታል? መስፈርቱ የወጣው እናንተ ትምህርት ከጀመራችሁ በኋላ ነው? የሕገ መንግሥቱ አንቀጽ 25 የሚከለክለውን አድልዎ ይፈጥራል?

ከዚያ ለተቋሙ ቅሬታ ሰሚ አቅርቡ። ይህን ሳታደርጉ ክስ ብትመሠርቱ «መጀመሪያ እዚያ ጨርሱ» ተብላችሁ ቀናት ይባክናሉ።

ቅሬታው ካልተፈታ አቤቱታውን ለፌዴራል ከፍተኛ ፍርድ ቤት ታቀርባላችሁ። መመሪያው ይሻርልኝ ብላችሁ ብቻ አትቁሙ። ፈተናውን እንድትወስዱ፣ ውጤቱም እስከ ፍርድ ድረስ ታሽጎ እንዲቆይ ጊዜያዊ ትዕዛዝ ጠይቁ። ተቋሙ በዚህ የሚጎዳው ነገር ጥቂት ነው፤ እናንተ ግን ፈተናው ካመለጣችሁ ብትረቱም ያለፈውን ጊዜ አትመልሱትም። የዳኝነት መክፈያ ለሌለው በደሃ ደንብ መክሰስ ይቻላል፤ በርካታ የዩኒቨርሲቲ ሕግ ትምህርት ቤቶችም ነፃ የሕግ ድጋፍ ይሰጣሉ።

የሕዝብ እንባ ጠባቂም አቤቱታ ይቀበላል፤ የሚሰጠው ግን የመፍትሔ ሐሳብ እንጂ ፍርድ አይደለም። የሕገ መንግሥት ትርጉም የሚያስፈልገው ጥያቄ በሕገ መንግሥት ጉዳዮች አጣሪ ጉባኤ በኩል ለፌዴሬሽን ምክር ቤት ይሄዳል፤ ለዘንድሮው ፈተና ግን በዚህ መንገድ አትመኩ።

ጊዜያዊ ትዕዛዙ ከተሰጠ ግልባጩን ራሳችሁ ለፈታኙ ተቋም አድርሱ፤ መድረሱን በፊርማ አረጋግጡና አንድ ቅጂ በፈተናው ዕለት ከመታወቂያችሁ ጋር ያዙ።