የተሽከርካሪ መዝገብ ላይ ግልጽ ያልሆነ የነዳጅ ዓይነት እንዴት ይጣራል?

ከጎንደር ወደ ደባርቅና ወደ መተማ መኪና የሚያሰማራ መሥሪያ ቤት የተሽከርካሪ መዝገቡን ሲከፍት «የነዳጅ ዓይነት» በሚለው ዓምድ ሥር «ናፍጣ»፣ «ዲዝል»፣ «2»፣ «ጋዝ» የሚሉ ምልክቶችንና ባዶ ቦታዎችን ተደባልቀው ሊያገኝ ይችላል። ጉዳዩ የጽሕፈት ጉድለት ብቻ አይደለም። በተሳሳተ መዝገብ ተመርቶ ቤንዚን የተሞላ የናፍጣ መኪና ፖምፓው ማለስለሻ አጥቶ ይበላሻል፤ የነዳጅ በጀቱም ይዛባል።

1. የቆየውን ዓምድ ሳይነኩ እንዳለ ያቆዩት። ማስተካከያውን አጠገቡ በሚከፍቱት አዲስ ዓምድ ይጻፉ።

2. የተለያዩትን ምልክቶች ለይተው ይዘርዝሩ። «ናፍጣ» እና «ዲዝል» አንድ ስለሆኑ ያዋህዷቸው። «2» ግን ቁጥሩን ከሰጠው ሥርዓት መፍቻ ውጭ ትርጉም የለውም። «ጋዝ»ንም በግምት አይፍቱት፤ በአሜሪካ ቅጽ ቤንዚን፣ በሌላው ቅጽ በሲሊንደር የሚሞላ ጋዝ ሊሆን ይችላል።

3. ማስረጃ ይፈልጉ። የመኪናው ስም አይበቃም። ላንድክሩዘር 1ኤችዜድ ሞተር ካለው ናፍጣ፣ 1ኤፍዜድ ካለው ቤንዚን ነው። ስለዚህ ሊብሬውንና በሞተሩ ላይ የተቀረጸውን ቁጥር ያመሳክሩ።

እኔ ከሁሉ የማምነው ግን የነዳጅ ደረሰኝን ነው፤ ሊብሬ ሞተሩ ከተቀየረ በኋላ ሳይታደስ ሊቆይ ይችላል፣ ደረሰኝ ግን በዕለቱ የተቀዳውን ይናገራል። የተከፈለውን ብር ለሊትሩ ያካፍሉ። በአገራችን የነዳጅ ዋጋ በመንግሥት ስለሚወሰን፣ ውጤቱን በዚያ ቀን ጎንደር ውስጥ ከነበረው የቤንዚንና የናፍጣ ዋጋ ጋር ሲያነጻጽሩ የትኛው እንደተሞላ ይታወቃል። ሁለቱ ዋጋዎች በጣም የተቀራረቡበት ጊዜ ከሆነ የሌላ ወር ደረሰኝ ይውሰዱ። አንድ ደረሰኝ ብቻውን ስህተት ሊኖረው ስለሚችል ቢያንስ ሦስት ይመልከቱ።

4. «ሃይብሪድ» (በነዳጅም በኤሌክትሪክም የሚሠራ) የሚል ካጋጠመዎት ምን እንደሚቀዳና ከኃይል መስመር ተሰክቶ የሚሞላ መሆን አለመሆኑን ለየብቻ ይጻፉ። የኤሌክትሪክ መኪና ፍጆታ በኪሎዋት ሰዓት ስለሚለካ ከሊትር ጋር አይደመርም። በ2016 ዓ.ም. የነዳጅ አውቶሞቢሎች ወደ አገር እንዳይገቡ ከተከለከለ ወዲህ ይህ ልዩነት ለእኛ ይበልጥ አስፈላጊ ሆኗል።

5. ማስረጃ ያልተገኘለትን «አልተረጋገጠም» ብለው ይተዉት። ባዶ ቦታውን ብዙዎቹ መኪኖች በሚጠቀሙበት ነዳጅ መሙላት ፈጽሞ አይገባም። ከጎኑ የማጣራቱን ኃላፊነት የወሰደውን ሰውና ቀኑን ይመዝግቡ፤ ሾፌሩም በሚቀጥለው ጊዜ ሲቀዳ ደረሰኙን ይዞ እንዲመጣ ይንገሩት።