ለጃኩዚ የሚሆን ጨው እንዴት ትመርጣላችሁ

ደብረ ብርሃን ላይ ውርጩ ሲወርድ ማታ ሙቅ ጃኩዚ ውስጥ እንደመቀመጥ የሚያሳርፍ ነገር የለም፣ ግን በጨው የሚሰራ ጃኩዚ ያላችሁ እባካችሁ ጨው ስትገዙ አስተውሉ። እኔ የምሰራበት ቤት መጀመሪያ ላይ ጨው ጨው ነው ብለን ከገበያ ያልተጣራ ጨው ገዝተን ጨመርን፣ ከዛ ሴሉን፣ ማለትም ጨዋማው ውሃ በኤሌክትሪክ መሃል የሚያልፍበትን የማሽኑን ክፍል ፈተን ስናየው ውስጡ ያሉት ዝርግ ብረቶች ላይ ልክ ማንቆርቆሪያ ውስጥ የሚጋገረው አይነት ነጭ ነገር ተለጥፎባቸዋል።

ጨው ራሱ ውሃ አያጸዳም። ሴሉ ውስጥ ኤሌክትሪክ ሲያገኘው ክሎሪን ያወጣል፣ የሚያጸዳው እሱ ነው። ስለዚ ሴል የሌለው ጃኩዚ ውስጥ ጨው አትጨምሩ፣ ብረቱን ያዝገዋል እንጂ ጥቅም የለውም። ደግሞ ሶዲየም ብሮማይድ በሚባል ሌላ አይነት ጨው የሚሰራ ማሽንም ስላለ መጀመሪያ መመሪያውን እዩ።

አብዛኛው ማሽን የሚፈልገው ሶዲየም ክሎራይድ፣ ማለትም የተለመደውን ጨው ነው፣ ንጽህናው ቢያንስ 99 በመቶ፣ ከተገኘ 99.8። ከረጢቱ ላይ ያለውን አንብቡ። የወጥ ጨው አዮዲን አለበት፣ እኛን ከእንቅርት ይጠብቀናል፣ ጃኩዚ ላይ ግን ቀለም ሊያስይዝ ይችላል። እንዳይጓጉል ተብሎ የሚጨመርበት ኬሚካልም እንደዛው። አሞሌማ ጭራሽ አይሆንም፣ ካልሲየምና ማግኒዥየም ከነአፈሩ ይዞ ነው የሚመጣው። የኤፕሰም ጨው ደግሞ ማግኒዥየም ሰልፌት ስለሆነ ክሎሪን አይወጣውም፣ በሳፋ እግር ለመዘፍዘፍ ይሁናችሁ።

ከተጠራጠራችሁ ውስጡ ጥርት ብሎ የሚታይ ብርጭቆ ላይ ለብ ያለ ውሃ አድርጉና አንድ ማንኪያ ጨው በጥብጡ፣ አስር ደቂቃ ቆይታችሁ ወደ መስኮት አንስታችሁ እዩት፣ ከደፈረሰ ወይ ስሩ ላይ ግራጫ አተላ ከዘቀጠ እሱን ጨው ተዉት። ደቃቁ ቶሎ ይሟሟል፣ እንክብሉ ስር ተኝቶ ይቆያል።

መጠኑ እንደ ማሽኑ ይለያያል፣ ብዙዎቹ በሊትር ከ1.5 እስከ 3 ግራም ነው። ለምሳሌ 1500 ሊትር ለሚይዝ በ2 ግራም ብታሰሉት 3 ኪሎ ነው። እኔ መጀመሪያ 2 ኪሎውን ብቻ ነው የምጨምረው፣ ሴሉን አጥፍቼ ውሃውን እያዞርኩ በእፍኝ በእፍኝ እበትነዋለሁ፣ በነጋታው ለክቼ የጎደለውን እሞላለሁ። መቀነስ ከፈለጋችሁ ውሃ መድፋት ነው ያለው ምርጫ፣ ጨው እንደሆነ አይተንም፣ ውሃው በእንፋሎት ጎድሎ ስትሞሉ ጨው አትድገሙበት።