ከንፈርህን ተወው፣ ዝፈን፦ የአርኖልድ ጃኮብስን ትምህርት ጎንደር ላይ እንዴት እንደምትለማመደው

ትራምፔት ስጀምር ያስተማረኝ ሰው ሁለት ትእዛዝ ብቻ ነበረው። «ሆድህን አጥብቅ!» እና «ከንፈርህን አጥብቅ!» ስሙንም ባንዱንም አልጠራም፤ እሱም የተማረው እንደዚያው ነው። ሁለት ዓመት ሙሉ አጠበቅኩ። ያተረፍኩት ከንፈሬ ላይ የማይለቅ ቀለበት፣ ከሶል በላይ ሲወጣ የሚታነቅ ድምፅና ራስ ምታት ነው።

በኋላ ስለ አንድ አሜሪካዊ ቱባ ነፊ ሰማሁና የያዝኩት ሁሉ ተገለበጠ። (ቱባ ስል ቱባ ባህል አይደለም። ታቅፈው የሚነፉት፣ ከነሐስ መሣሪያዎች ሁሉ ትልቁና ድምፁ ወፍራሙ ነው።) ሰውየው አርኖልድ ጃኮብስ ይባላል። በ1915 ፊላደልፊያ ተወለደ፣ በ1998 ቺካጎ ሞተ። ዓመቶቹ በፈረንጅ ናቸው። ከ1944 እስከ 1988 የቺካጎ ሲምፎኒ ኦርኬስትራ ቱባ ተጫዋች ነበር። አርባ አራት ዓመት አንድ ወንበር ላይ ማለት ነው።

ስሙን የተከለው ግን በማስተማሩ ነው። ሚቺጋን ጎዳና ላይ ባለ ሕንፃ ውስጥ ስቱዲዮ ነበረው። ቱባ ነፊው ብቻ ሳይሆን ትራምፔቱም፣ ትሮምቦኑም፣ ፍሉቱም እየመጣ ይማር ነበር። የሚገርመው ሰውየው ራሱ አስም ነበረበት። እንደኔ እንደኔ ነገሩን እንዲህ ጠልቆ እንዲያውቀው ያደረገው ይሄ ነው፤ ትንፋሽ የተረፈው ሰው ስለ ትንፋሽ ምን አስጨነቀው? ጃኮብስ የሳንባንና የጡንቻን አሠራር አጠና። ሐኪም ቤት የሚገኙ የትንፋሽ መለኪያዎችን ስቱዲዮው ውስጥ ደረደረ።

ይሄን ሁሉ አጥንቶ ለተማሪው የሚሰጠው ግን ሁለት ቃል ነው፦ ዜማና ነፋስ። ሐሳብህን ከመቶ ብትከፍለው 85ቱ ዜማው ላይ፣ 15ቱ አየሩ ላይ ይሁን ይል ነበር። ከንፈርስ? ለከንፈር የቀረ ነገር የለም። ከንፈር ተከታይ ነው። ቡና ስትጠጣ ክንድህን «አሁን ታጠፍ»፣ ጣቶችህን «ስኒውን ጨብጡ» አትላቸውም። ቡናውን ትፈልገዋለህ፣ እጅህ የራሱን ሥራ ይሠራል። መንፋትም እንደዚያው ነው።

እኔ እንደምገምተው እኛ ጋ «አጥብቅ» የበዛው መሣሪያው በመጣበት መንገድ ነው። በ1924 ራስ ተፈሪ ከኢየሩሳሌም ያስመጧቸው አርባ የአርመን ወላጅ አልባ ልጆች በኬቮርክ ናልባንዲያን መሪነት አዲስ አበባ ላይ የቤተ መንግሥት ባንድ ሆኑ። ከዚያ የክብር ዘበኛው፣ የፖሊሱና የጦር ሠራዊቱ ባንዶች ብዙ ነፊ አፈሩ። በወታደር ቤት ደግሞ ትእዛዝ አጭር ነው። ድንቅ ነፊዎች ወጥተውበታል፣ ያንን አልክድም። ብቻውን ክፍሉ ውስጥ የሚለማመድ ልጅ ግን «አጥብቅ» የምትለዋን ቃል ብቻ ከወረሰ አበቃለት።

ለጎንደር ሰው ግን የጃኮብስ ነገር እንግዳ መሆን አልነበረበትም። የዜማ ተማሪ መጀመሪያ የሚይዘው የመምህሩን ድምፅ ነው፤ መምህሩ ያዜማሉ፣ እሱ ይቀበላል። አዝማሪውስ? ማሲንቆ አንድ ክር ነው፣ ጣት የት እንደሚያርፍ የሚያሳይ ምንም ምልክት የለበትም። የሚመራው ጆሮው ነው። እኛ ይሄን ሁሉ እያየን አድገን ትራምፔት ስናነሳ ብቻ ወደ ጡንቻ እንሮጣለን።

እሺ፣ ወደ ሥራው። (ትራምፔት የምትነፋ ልጅ ካለች «አንቺ» እያለች ታንብበው።)

መጀመሪያ መሣሪያውን ሳጥኑ ውስጥ ተወው። ዝፈን። ትዝታን ያዝ፦ ዶ፣ ሬ፣ ሚ፣ ሶል፣ ላ፣ ከዚያ ተመለስ። ጮክ ብለህ። ድምፄ አያምርም የሚል ሰበብ አይሠራም፣ ማንም አልበም አውጣ አላለህም። የሚፈለገው እያንዳንዱ ድምፅ ከመውጣቱ በፊት ጭንቅላትህ ውስጥ መሰማቱ ነው። ሶልን ሳትነፋት መስማት ካልቻልክ ትራምፔቱ ከየት ያመጣታል? ከሚ ወደ ሶል ስትዘል ድምፅህ ከተንገዳገደ እዚያው ቆይ። ሁለት ቀንም ቢፈጅ ቆይ። አብዛኛው ሰው ይሄን ደረጃ ይዘለዋል፣ ስለሚያፍር ነው።

ቀጥሎ አየሩ። እዚህ ላይ ትንሽ ልቆይ፣ ምክንያቱም የተበላሸሁት እዚህ ነው።

አንድ ነገር ሞክር። ኩንታል ጤፍ ከመሬት ልታነሳ እንደሆነ አስብና ሆድህን ወጥር። ሆድህ ድንጋይ ሆነ አይደል? አሁን አየርህን አስተውል። አይንቀሳቀስም፣ ጉሮሮህ ላይ ተዘግቷል። «ሆድህን አጥብቅ» ሲሉህ የምታደርገው ይሄንን ነው። አየር የሚያስገቡትና የሚያስወጡት ጡንቻዎች እርስ በርስ ይገፋፋሉ፣ ግፊት አለ፣ ፍሰት ግን የለም። አሁን ደግሞ ከሰል ማንደጃ ፊት እንደተቀመጥክ አስብ። ፍሙ ሊጠፋ ነው፣ እፍ ትላለህ። ሆድህን ማን አስታወሰው? ትኩረትህ ፍሙ ላይ ነው፣ አየሩም ፍሙ ድረስ ይሄዳል። ጃኮብስ ነፋስ የሚለው ይሄ ነው፤ ከአንተ ወጥቶ የሚሄድ አየር እንጂ ውስጥህ የታመቀ አየር አይደለም።

ስታስገባ ደግሞ ወናፍ ሁን። የቀጥቃጭ ወናፍ መጀመሪያ ይከፈታል፣ ሲከፈት አየሩ ራሱ ይገባል። ደረትህም ሆድህም ጎንህም እንደ ልባቸው ይከፈቱ፣ አንዱን ብቻ ለይተህ አትንፋ። ያለቀ የሶፍት ጥቅል ካርቶን አስቀምጥና አፍህ ላይ አድርገህ በሱ ውስጥ አየር ሳብ። ጉሮሮህ ሰፍቶ «ኦ» የሚል ቅርጽ ሲይዝ ይሰማሃል። ካርቶኑን አውጣና ያንኑ ስሜት ይዘህ ድገመው። ስትስብ «ህህህስስ» የሚል የጠበበ ድምፅ ካለ የሆነ ቦታ አየሩን እያነቅከው ነው።

ጃኮብስ ተማሪው አየሩን በዓይኑ እንዲያይ ይፈልግ ነበር፤ መለኪያዎቹ ለዚያ ነበሩ። እኛ ሃይላንድ አለን። ባዶ ሃይላንድ ግማሽ ድረስ ውኃ ሙላ፣ ስትሮ ጨምርና ንፋ። ክዳኑ ክፍት ይሁን። አረፋው ከመጀመሪያ እስከ መጨረሻ እኩል መውጣት አለበት። መጀመሪያ ላይ ፈንድቶ ከዚያ የሚሞት ከሆነ ትራምፔትህ ላይም ያው ነው የሚሆነው። ሌላው፣ ቁራጭ ሶፍት ግድግዳ ላይ ያዝና እጅህን ለቀህ በትንፋሽህ ብቻ አቆየው። እነዚህን ስትሠራ ቢያዞርህ አቁም፣ ተቀመጥ። አስር ጊዜ ተከታትሎ ጥልቅ ትንፋሽ ያዞራል፣ ጀግንነት አይደለም። የሳንባ ሕመም ያለበት ሰው ሐኪሙን ሳይጠይቅ አይጀምር።

ጎንደር ከባሕር ጠለል በላይ ከ2,100 ሜትር ይበልጣል። ከቆላ የመጣ ልጅ «እዚህ አገር አየር አጠረኝ» ሲለኝ ሳንባው የጠበበ ይመስለዋል። አልጠበበም። የሚገባው አየር መጠን ያው ነው፣ የሳሳው ኦክስጅኑ ነው። ስለዚህ በአንዱ የዜማ ሐረግና በሚቀጥለው መሃል ረዘም አድርጎ ማረፍ እንጂ የበለጠ መወጠር አያስፈልገውም። አየርህንም እስከ ጠብታው አትጠቀምበት። ሳንባ ሊያልቅ ሲል አየሩን ማስወጣት ትግል ይሆናል፣ ትግሉም ድምፁ ላይ ይሰማል። ታንከርህ ሳይጎድል ሙላ።

አሁን ማውዝፒሷን (ከንፈር ላይ የምታርፈዋን፣ ከትራምፔቱ የምትነቀለውን ቁራጭ) ብቻ አውጣ። ከንፈርህን «ዝዝዝ» አሰኝተህ ያንኑ ትዝታ ንፋባት። የንብ ድምፅ ይመስላል፣ እህቶችህ ይስቁብሃል፣ ይሳቁ። ጃኮብስ ይሄን የሚወደው በምክንያት ነው። መሣሪያውን ሙሉውን ስታነሳ የቆየው መጥፎ ልማድህ አብሮ ይነሳል። ማውዝፒስ ብቻ ስትይዝ ግን አንጎልህ «ይሄ ሌላ ነገር ነው» ይላል፣ አዲስ ልማድ መትከያ ቦታ ይገኛል። አሮጌውን ልማድ ለመንቀል አትታገል፣ አዲሱን ጎኑ ትከል፣ አሮጌው ሳይጠጣ ይደርቃል። ማውዝፒሷን ከንፈርህ ላይ አትጫናት። አምስት ደቂቃ ይበቃል።

ከዚህ በኋላ ነው ትራምፔቱ የሚወጣው።

ቅዳሜ ቅዳሜ የማስተምረው አንድ የአሥራ ሦስት ዓመት ልጅ አለ። የመጣው ጣቱን በቃሉ ሸምድዶ ነው። ዶ ባዶ (ከሦስቱ ቁልፎች አንዱም ሳይጫን)፣ ሬ አንደኛውና ሦስተኛው ቁልፍ፣ ሚ አንደኛውና ሁለተኛው፣ ሶል ባዶ፣ ላ አንደኛውና ሁለተኛው። ትዝታ ንፋ አልኩት። ዶ፣ ሬ፣ ሚ በደንብ ወጡ። ሶል ላይ ሲደርስ ጣቱን አነሳ፣ የወጣው ግን ዶ ነው። እንደገና። አሁንም ዶ። ማውዝፒሱን ከንፈሩ ላይ ደፈቀው፣ ጆሮው ቀላ፣ አንገቱ ላይ ሥር ወጣ፣ ሶል እምቢ አለች።

ጣቱን እንዲያይ አደረግኩት። «ዶ በስንት ጣት ነው?» «ባዶ።» «ሶልስ?» «ባዶ።» ዝም አለ። «ታዲያ ትራምፔቱ የትኛዋን እንደፈለግክ በምን ይወቅ?» ጋሼ ምን እያለ ነው በሚል ዓይን አየኝ። ትራምፔቱን ጉልበቱ ላይ አስቀምጦ ከሚ ወደ ሶል እንዲዘፍን አደረግኩት። አፈረ፣ በሹክሹክታ ዘፈነ። ጮክ አልኩት። አራት ጊዜ ዘፈናት። አምስተኛው ላይ እጄን አንስቼ ትራምፔቱን እንዲያነሳ ምልክት ሰጠሁት፣ ሶል ወጣች። ወፍራም አይደለችም፣ ግን ሶል ናት። አንገቱ ላይ ያ ሥር አልነበረም።

ለአምስቱ የትዝታ ድምፆች ሦስት የጣት አያያዝ ብቻ ነው ያለው። ዶና ሶል አንድ ናቸው፣ ሚና ላ አንድ ናቸው። የሚለያቸው ጭንቅላትህ ውስጥ ያለው ዜማ ነው፤ ከንፈርህ ያንን ሰምቶ ራሱን ያስተካክላል። የዜማና ነፋስን ነገር ለማስረዳት ከዚህ የተሻለ ነገር አላገኘሁም። ስለዚህ እያንዳንዱን ሐረግ ዝፈን፣ በማውዝፒስ ንፋ፣ በትራምፔት ንፋ። ከተሳሳትክ ወደ ከንፈር አትሂድ፣ ወደ ዘፈኑ ተመለስ። ትዝታ ሲገራልህ ባቲ፣ ከዚያ አምባሰል፣ አንቺሆዬን ለመጨረሻ አቆየው፣ ለጆሮም አስቸጋሪ ነው።

ስኬል ብቻ እየቆጠርክ እንዳትከርም። ረጅም ድምፅ ስትይዝ እንኳ ለሆነ ሰው የሆነ ነገር እንደምትናገር ሆነህ ያዘው፤ ሐዘን ይሁን፣ ቁጣ ይሁን፣ ስላቅ ይሁን። አዝማሪ ቤት የሄደ ሰው ይሄን አስረድቼው አላውቅም፣ ይገባዋል።

ስለ ቦታና ሰዓት በአጭሩ። ግቢ ተከራይተህ የምትኖር ከሆነ ከአከራይህ ጋር ቀድመህ ተስማማ፣ ከምሽቱ ሁለት ሰዓት በኋላ ዝፈን እንጂ አትንፋ። ካልሆነ አንገረብ ወንዝ ዳር ወይ ወደ ቁስቋም ወጣ ብለህ ንፋ፣ እረኞች ይከቡሃል እንጂ የሚቆጣህ የለም። ጠዋት ብርዱ ብረቱን ስለሚያቀዘቅዘው ድምፁ ዝቅ ይላል፣ መጀመሪያ ሞቅ ያለ አየር ዝም ብለህ አሳልፍበት። በጾም ወቅት እስከ ዘጠኝ ሰዓት የምትቆይ ከሆነ ከባዱን ልምምድ ከምሳ በኋላ አድርገው። በባዶ ሆድ ጥልቅ ትንፋሽ ቶሎ ያዞራል።

በቀን ሠላሳ ደቂቃ ካለህ አሥሩን ለመዝፈን፣ አምስቱን ለሃይላንዱና ለሶፍቱ፣ አምስቱን ለማውዝፒሷ ስጥ። ለትራምፔቱ አሥር ደቂቃ ይቀራል። ያንሳል ትላለህ፣ እኔም ብዬ ነበር። ከንፈርህ ያበጠ ቀን ደግሞ ትራምፔቱን ጨርሶ አትንካው። ማውዝፒሷን በለብ ያለ ውኃና በሳሙና እጠባት፣ መስኮት ላይ አስቀምጣት፣ ሠላሳውንም ደቂቃ ዝፈን።