«ዲኤልኤል አልተገኘም» ሲል ፋይል ፍለጋ አይውጡ፦ በኢሜይል ደህንነት ፕሮግራሞች ላይ የሚደጋገሙ ስህተቶች

የኢሜይል ማጣሪያው (ስፓምና ቫይረስ ያለበትን ደብዳቤ የሚለየው ፕሮግራም) ሲከፈት «ቪሲራንታይም140 ዲኤልኤል አልተገኘም» የሚል መልእክት ከመጣ (ዲኤልኤል ፕሮግራሞች ለሥራቸው የሚጠሩት የኮድ ፋይል ነው)፣ ከፒያሳ እስከ ሜክሲኮ ባሉ ቢሮዎችና ጥገና ቤቶች የሚደረገው ነገር አንድ ዓይነት ነው። የፋይሉ ስም ጎግል ላይ ይጻፋል፣ መጀመሪያ የመጣው ገጽ ይከፈታል፣ «ዳውንሎድ» ይጫናል። ከዚህ በታች ያሉት ስህተቶች ግማሾቹ የዚህች እርምጃ ልጆች ናቸው።

ዲኤልኤሉን ነጥሎ ማውረድ

ዲኤልኤል ሶማሌ ተራ ወርደው የሚገዙት መለዋወጫ አይደለም። የቨርዥን ቁጥሩ፣ ቢቱ (ባለ 32 ወይም ባለ 64 መሆኑ) እና ዲጂታል ፊርማው (የአምራቹ ማረጋገጫ ማህተም) ከመጣበት ጥቅል ጋር የተያያዘ ነው። ነጥለው የሚያድሉት ድረ ገጾች ከየት እንዳመጡት አይናገሩም፤ ተነካክቶ ቢሆንስ ማን አጣራ? ያውም የኢሜይል ማጣሪያ የመሥሪያ ቤቱ ደብዳቤ በሙሉ በእጁ የሚያልፍ ፕሮግራም ነው። እዚያ ውስጥ ምንጩ ያልታወቀ ፋይል ከሚከቱ ፕሮግራሙን ባይጭኑት ይሻላል።

መጀመሪያ ፋይሉ የማን እንደሆነ ይለዩ። ስሙ በ«ቪሲራንታይም» ወይም በ«ኤምኤስቪሲፒ» ከጀመረና 140 ካለበት የማይክሮሶፍት ቪዥዋል ሲ ፕላስ ፕላስ ሪዲስትሪቢዩተብል (ብዙ ፕሮግራሞች የሚጋሩት የፋይል ጥቅል) ነው፤ ከራሱ ከማይክሮሶፍት ድረ ገጽ ይወርዳል። ዊንዶውሱ ባለ 64 ቢት ቢሆንም ኤክስ86ንም ኤክስ64ንም ይጫኑ፤ በውስጡ የሚሠራ ባለ 32 ቢት ፕሮግራም የሚፈልገው ኤክስ86ን ነው። እያንዳንዱ ከ30 ሜጋባይት በታች ስለሆነ አንዴ አውርዶ በፍላሽ መያዝ ይቻላል።

ፋይሉ የማጣሪያው የራሱ ከሆነ ኮንትሮል ፓነል ገብተው፣ «ፕሮግራምስ ኤንድ ፊቸርስ» ውስጥ ስሙን ይዘው «ሪፔር» ይበሉት። ሪፔር ከሌለው አጥፍቶ ከአምራቹ ሴትአፕ እንደገና መጫን ነው። ከዚያ በፊት ግን የዊንዶውስ ሴኩሪቲን «ፕሮቴክሽን ሂስትሪ» ይዩ፤ ፋይሉን አንቲቫይረሱ አንስቶት ሊሆን ይችላል። በጥርጣሬ ያነሳውን ደግሞ ፊርማውን ሳያዩ አይመልሱ፦ በቀኝ ክሊክ፣ ፕሮፐርቲስ፣ «ዲጂታል ሲግኔቸርስ»። አምራቹ ፋይሎቹን የሚፈርም ሆኖ ይህ ብቻ ያለ ፊርማ ከተገኘ፣ ወይም ፊርማው ትክክል አይደለም ከተባለ፣ እዚያው ይቅር።

መብራት ጠፍቶ አፕዴት መሀል ላይ የተቋረጠ ማሽንም በዚሁ መንገድ ይድናል። ፋይሉ ፎልደሩ ውስጥ አለ፣ መጠኑ ግን 0 ነው ወይም ጎደሎ ነው፤ ሪፔር ይተካዋል። «ኤስኤፍሲ ስካንናው» ግን አይደርስለትም፤ እሱ የሚጠግነው የዊንዶውስን የራሱን ፋይሎች ብቻ ነው።

ሲስተም32 ውስጥ መጣል

ባለ 64 ቢት ዊንዶውስ ላይ ባለ 64 ቢት ዲኤልኤሎች የሚቀመጡት ሲስተም32 ውስጥ ነው፤ ባለ 32ዎቹ ሲስዋው64 ውስጥ። አዎ፣ የተገላቢጦሽ ይመስላል። ይህን ሳያውቁ የጣሉት ፋይል የሚያስከትለው መልእክት ብዙ ጊዜ 0ኤክስሲ000007ቢ ነው፤ ቢቶቹ ተደባልቀዋል ማለት ነው። ያን መልእክት ያየ ሰው ሌላ ዲኤልኤል ፍለጋ ይመለሳል፣ ያንንም ያክላል፣ ማታ ላይ ማሽኑ ፎርማት ይደረጋል።

ከጎረቤት ኮምፒውተር መቅዳትም ያው ነው። ቨርዥኑ ካልገጠመ «ፕሮሲጀር ኢንትሪ ፖይንት» አልተገኘም ይላል።

ዲኤልኤልን ዊንዶውስ ውስጥ የሚመዘግበውን ትእዛዝ፣ «ሬግኤስቪአር32»ን፣ እንደ ጠበል በሁሉም ፋይል ላይ መርጨት ይቅር። ትእዛዙ የሚሠራው ራሱን መመዝገብ በሚችል ዲኤልኤል ላይ ብቻ ነው፤ ሌላው ላይ «ዲኤልኤል ሬጂስተር ሰርቨር አልተገኘም» ቢል ፋይሉ ተበላሽቷል ማለት አይደለም።

ክራክ የተደረገ የኢሜይል ደህንነት ፕሮግራም ላይ የምለው የለኝም።

አውትሉክ ላይ ተቀምጧል ብሎ ማመን

አውትሉክ ውስጥ የሚገቡ ማጣሪያዎች ብዙዎቹ ኮም አድ-ኢን የሚባሉ፣ አውትሉክ ላይ ተጨማሪ ሆነው የሚሠሩ ዲኤልኤሎች ናቸው። ቢታቸው መግጠም ያለበት ከዊንዶውሱ ሳይሆን ከኦፊሱ ጋር ነው፤ በ«ፋይል»፣ «ኦፊስ አካውንት»፣ «አባውት አውትሉክ» በኩል ይታያል። ገጥሞም ቢሆን ለመነሳት ከዘገየ አውትሉክ ራሱ ያግደዋል። ተጠቃሚው ልብ ካላለው እንደተጠበቀ ያምናል። «ፋይል»፣ «ኦፕሽንስ»፣ «አድ-ኢንስ» ገብተው አክቲቭ ከሚባሉት መሀል መኖሩን ያረጋግጡ። «ዲሴብልድ» ሥር ካገኙት ከታች «ማኔጅ» ላይ «ዲሴብልድ አይተምስ»ን መርጠው ያስነሱት።

አዲሱ የዊንዶውስ አውትሉክ ደግሞ ኮም አድ-ኢንን ጭራሽ አይቀበልም። ከላይ በኩል ያለችውን መቀየሪያ አንድ ጊዜ የነካ ሠራተኛ ማጣሪያውን ጥሎ ሄዷል፤ ዲኤልኤሉ ግን ዲስኩ ላይ በጤናው ተቀምጧል። ሴትአፕ ደጋግመው ቢጭኑም ለውጥ የለውም። ወይ ወደ ቀድሞው አውትሉክ መመለስ፣ ወይ አምራቹ በዌብ አድ-ኢን መልክ ያወጣው ካለ እሱን መጠቀም ነው።

ሰዓቱን ሳያዩ ፋይል መክሰስ

ይህ የእኛ አገር በሽታ ነው። የማዘርቦርዱ ባትሪ፣ ሲአር2032፣ ሲሞት መብራት በጠፋ ቁጥር ቀኑ ወደ ድሮ ይመለሳል። ያኔ አንዱ ተነስቶ ዓመቱን በእኛ አቆጣጠር ይሞላዋል። 7 ወይም 8 ዓመት ወደ ኋላ ለቀረ ኮምፒውተር የሜይል ሰርቨሩ ሰርተፍኬት (የሰርቨሩ ማንነት ማረጋገጫ) ገና ያልጸና ነው፤ ማጣሪያው በፖርት 993 (ኢሜይል በምስጢር በሚነበብበት መስመር) መገናኘት ያቅተዋል፣ አፕዴቱንም አያምንም። በስክሪኑ ላይ ግን የሚታየው የፕሮግራሙ ብልሽት ነው።

ከሰዓት በኋላ 9 ሰዓት ሲሆን «9 ኤኤም» ብሎ መሙላት ሌላው ነው። የሚልኩት ኢሜይል 6 ሰዓት ወደ ኋላ የቀረ ማህተም ይዞ ይወጣል። ስፓምአሳሲን የመሰሉ ማጣሪያዎች በደብዳቤው ላይ የተጻፈውን ሰዓት ከደረሰበት ጋር ያነጻጽራሉ፤ ልዩነቱ ከበዛ የስፓም ነጥብ ይጨምሩበታል። ባትሪውን ይቀይሩ፣ የሰዓት ክልሉን ዩቲሲ+3 ናይሮቢ ያድርጉ፣ ዓመቱን በፈረንጅ ይሙሉ፣ ከዚያ ስለ ዲኤልኤል እናውራ።

ሊኑክስ ጌትዌይ (ኢሜይሉ ሁሉ የሚያልፍበት ሰርቨር) ላላችሁ

ኡቡንቱ 22.04 (የሊኑክስ ዓይነት) የሚመጣው ከኦፕንኤስኤስኤል 3፣ ማለትም ከምስጠራ ላይብረሪው (ፕሮግራሞች ከሚጋሩት የኮድ ፋይል) 3ኛ ቨርዥን ጋር ነው። አሮጌ ማጣሪያ «ሊብኤስኤስኤል 1.1 የለም» (የዚሁ ላይብረሪ የቀድሞ ፋይል) ሲል ከ3ኛው ፋይል ላይ በ1.1 ስም ሲምሊንክ (ወደ ሌላ ፋይል የሚያመለክት ስም) መሥራት አያዋጣም፤ የስም ጉዳይ ሳይሆን ውስጡ ስለተለየ «ቨርዥን አልተገኘም» ብሎ ይወድቃል። 1.1.1ን ከሌላ ቦታ ማምጣትም መፍትሔ አይደለም፤ ለሁሉም የሚሰጠው የደህንነት ጥገና መስከረም 2023 በፈረንጅ አቆጣጠር አብቅቷል። ማጣሪያውን ራሱን ለአዲሱ በተሠራ ቨርዥን ይተኩ።

ላይብረሪ ካሳደሱ በኋላ ክላምኤቪን (አንቲቫይረሱን)፣ ስፓምአሳሲንንና ፖስትፊክስን (ደብዳቤ አመላላሹን) ሪስታርት ያድርጉ። አገልግሎቱ እስኪነሳ ድረስ የሚሠራው ሜሞሪ ውስጥ ባለው በአሮጌው ነው፤ ፓኬጁ «አፕዴት ሆኗል» ቢልም ቀዳዳው ክፍት ነው። በሥራ ላይ ያሉ ፋይሎችን የሚዘረዝረውን «ኤልኤስኦኤፍ» ሲያዙት ከፋይሉ አጠገብ «ዲኢኤል» ወይም «ዲሊትድ» ካለ ያ አገልግሎት ገና አልተነሳም።